ስንታየሁ ዳኛው

ስሜ ስንታየሁ ነው። ሥራዬ አለማየት ነበር፣
እሑድ እሑድ ከሰዓት፣ አዳማ፣ ከሲኒማው ጓሮ አጥር።
በአዘቦት ቲኬት ቀዳጅ፣ ባቡር ጣቢያ ነበርኩኝ፤
ያቺው የባቡር ፊሽካ ናት ለትግል ዳኛ ያረገችኝ።

አራት የባሕር ዛፍ ቋሚ፣ ሦስት ዙር የጭነት ገመድ፣
ከታች ጭድ የጎረሰ ጆንያ፣ ሲወድቁበት የሚናድ፤
ንፋሱ ደግሞ የአዳማ ንፋስ፣ ሳይከፍል የሚገባ ዘመድ።

በዚህ ጥግ፣ ድርብ ጎማ!
ቦሩ፣ የእህል በረንዳው፣ ኩንታልን እንደ ትራስ የሚያነሣ፤
ሙክታር፣ ጎሚስታው፣ እንደ ከመነዳሪ ሲጥሉት ነጥሮ የሚነሣ።
ስማቸውን ከከባድ መኪና የኋላ እግር ነው የወሰዱት፤
አንዱ ሲተነፍስ ሌላው ጭነቱን የሚሸከምለት።

ሕጉ ይህ ነው፦ አንዱ ሲታገል አንዱ ገመድ ይዞ ይቆማል፣
የደከመው እየዳኸ መጥቶ የጓደኛውን መዳፍ ይነካል፣
ያኔ ይተካል።
ግን ዳኛ ካላየ፣ የተነካው እንዳልተነካ ይቆጠራል።

አቶ ዘርጋው፣ የሲኒማው ጌታ፣ ጠዋት ጠርቶ ይነግረኛል፦
«ዛሬም እንግዶቹ ያሸንፉ። የተናደደ ሕዝብ ይመለሳል።»
እናም ሰባተኛው ደቂቃ ላይ፣ ቦሩ እየተሳበ ሲቀርብ፣
ሙክታር ገመዱ ላይ ሲተጣጠፍ፣ ከጣቱ ጠብ ሲል ላብ፣
እኔ ጎንበስ እላለሁ፣
የጫማዬን ማሰሪያ አስራለሁ።
«ነካው! ነካው!» ይላል ወንጂ፣ ይላል ጣቢያ፣ ይላል ገበያ፤
የታኘከ ሸንኮራ ያለብሰኛል፣ ከባርኔጣ እስከ መጫሚያ።
«አላየሁም» እላለሁ።
እኔ፣ ስንታየሁ።

ሰኞ ጠዋት ጣቢያ፣ አንዲት ሴት፣ ጎመን በዘንቢል ይዛ፣
ቲኬቷን ገልብጬ ባይ፣ «አሃ፣ ለዚህ ጊዜ ዓይንህ በዛ!»

ማታ ማታ ሹፌሮች የሚበሉበት ቤት፣ አንድ ትሪ ከበን፣
ተሸናፊዎቹና ያሸነፋቸው ዳኛ፣ በአንድ እጅ ታጥበን፣
«ስንቴ» ይለኛል ቦሩ፣ ያበጠ ጉልበቱ ላይ ቀዝቃዛ ሚሪንዳ አስደግፎ፣
«ያ ጫማህ አንድ እሑድ እንኳ መዋል አይችልም ተቆልፎ?»
ሙክታር ይስቃል፤ ሣቁ ቀዳዳ ጎማ ነው፣ ፍስስ ብሎ የሚያልቅ፤
ደመወዛችን ሃያ ሃያ ብር፣ ከወጌሻው ኪስ የሚጠልቅ።

አንድ ጊዜ አሸነፉ። መተሐራ። አቶ ዘርጋውን ወባ ጥሎት፣
አራቱም እኔን ጠየቁኝ፣ እኔም አልነበረኝ እውቀት።
የእውነት ታገሉ።
አስቀያሚ ነበር፤ ሱሪ መጎተት፣ ማለክለክ፣ ጆሮ መንከስ፤
አራት ደቂቃ ሳይሞላ፣ ልጆች ለመኑ ወደ ቤት ለመመለስ።
እጃቸውን ወደ ላይ ሳነሣ አዩኝ፣ እንደ ተሳሳተ ዳኛ።
«ማሸነፍ እንዲህ ነው እንዴ?» አለ ሙክታር፤ ጭነት ላይ ወጥቶ ተኛ።

ኋላ ሲኒማው መጋዘን ሆነ። ባቡሩ ቆመ፤ ፊሽካው ቀረ እኔ ጋር።
የቦሩ ጉልበት ክረምት ሲመጣ ከዝናቡ ቀድሞ የሚናገር፤
ሌሊት ሌሊት ተሳቢ ይጠብቃል፣ ጎማ እየቆጠረ፣ ድርብ ድርቡን።
ሙክታር የሰው ጎማ ሲነፋ ኖረ፤ የራሱ ሳንባ ግን አፈሰሰ፤
ባለፈው ረቡዕ፣ በአስር ሰዓት፣ ወሬው ደጄ ደረሰ።

ጀናዛው ወርዷል። አፈር በአካፋ ይጫናል።
ሰው ሁሉ ጉድጓዱን ያያል።
ቦሩ ጥግ ላይ ነው፣ በግራ እጁ የአጥሩን ሽቦ ጨብጦ፤
ቀኝ እጁ ሳያዝዘው ተዘረጋ፣ ወገቡ ገመድ እንዳለ ጎብጦ።
ንፋሱ፣ ያ ሳይከፍል የሚገባው፣ አቧራ ይዞ በመዳፉ አለፈ፤
ጣቶቹ ተሰበሰቡ፣
የሆነ ነገር እንደነካቸው።
ዞሮ አየኝ።
«ስንቴ» አለ።
ጎንበስ አላልኩም።
የዚያን ቀን የጫማዬ ማሰሪያ አልተፈታም።